የሰርገኛው ጅብ እድሳት

እማማ ኖላዊት የጎረቤታቸውን የሰርግ ቪዲዮ ለሦስተኛ ጊዜ ሲያዩ ሙሽራው ረዝሞ አገኙት። መጀመሪያ የሙሽራዋ ትከሻ ላይ ነበር የሚደርሰው። ቪዲዮው አንዴ ሲታደስ እኩል ሆኑ፤ ሁለተኛ ሲታደስ ቁልቁል ያያት ጀመር። በሰርጉ ዕለት የዘነበው ዝናብ አባርቷል። ድንኳኑ ጥግ ላይ አኩርፈው ተቀምጠው የነበሩት አክስት አሁን ፈገግ ብለው ያጨበጭባሉ።

"አዩ እማማ፣ እንዴት እንዳማረ!" አለች ጎረቤታቸው።

"አምሯል፤ በጣም አምሯል" አሉ እማማ ኖላዊት።

ቅሬታ ያቀረበ ሰው የለም። ሙሽራውማ ጨርሶ።

ዘመኑ ሁለት ሺህ ሰማንያ ስድስት ነው። "አንድ ታሪክ፣ አንድ ቅጂ" የሚለው ደንብ ከወጣ ሠላሳ አንድ ዓመት ሆኖታል። የወጣውም የምስልና የድምፅ ማከማቻዎቹ ግለው ግለው ሦስት ከተማ ጨለማ ውስጥ ከከተቱ በኋላ ነው። ነገሩ ቀላል ነው፤ አዲሱ ሲጸድቅ አሮጌው ተሰርዞ ከማከማቻው ይነሣል። ዘፈን እንደዚያው፣ ፎቶ እንደዚያው፣ ፊልምም እንደዚያው። አዲሱን የሚሠራው አስማሚው ነው። አስማሚው ማሽን ይሁን እንጂ አስተዳደጉ ጥሩ ነው፤ ሰውን አንቱ ይላል፣ ሲጠሩትም "አቤት" ይላል። የሰው ልጅ የሚፈለገው ለአንድ ሥራ ብቻ ነው፤ ለማየት። እያንዳንዱ አዋቂ ሰው በዓመት ሦስት ቀን ተመልካች ሆኖ ያገለግላል። አሥራ ሁለት ሆነው ይቀመጣሉ፣ የታደሰውን ያያሉ፣ ቃላቸውን ይሰጣሉ። ሰባቱ "አይሆንም" ካሉ አዲሱ ይወድቃል፣ አሮጌው ይተርፋል። እስካሁን አራት ሺህ አንድ መቶ አሥራ ስድስት ፊልም ታይቷል። የወደቀ የለም።

እንዴትስ ይወድቃል? ከፊልሙ በፊት ምሳ አለ። ደንቡን ያረቀቁት ሰዎች ተመልካች በባዶ ሆዱ እንዳይፈርድ ብለው ነው ምሳውን የጨመሩት። የሰውን ዶሮ ወጥ በልቶ፣ እጁን ታጥቦ፣ ባለቤቱ ፊት ለፊት "እንዴት አገኙት?" ሲለው "አይረባም" የሚል አበሻ ከየት እንደሚመጣ ግን አላሰቡበትም። አስማሚውም እየተመሰገነ አደገ። አራት ሺህ አንድ መቶ አሥራ ስድስቱም ድንቅ ሥራዎች እንደሆኑ በቅን ልቡ ያምናል።

በጥር ወር መጀመሪያ የእድሳት ዝርዝር ወጣ። አሥረኛው መስመር ላይ እንዲህ ይላል፦ "ጅቡ ሰርግ ሄደ። የካርቱን ፊልም፣ ስድስት ደቂቃ፣ በእጅ የተሣለ፣ 2037 ዓ.ም.። ሁለት ሰዓት ከአሥራ ሁለት ደቂቃ ወደሚፈጅ የጀብዱ ፊልም ይታደሳል።"

እማማ ኖላዊት መስመሩን ቆመው አነበቡት፤ ከዚያ ተቀምጠው አነበቡት። የጅቡን ፊት የሣሉት እሳቸው ናቸው። ያኔ ሃያ ሦስት ዓመታቸው ነበር። ስድስት ሆነው ከአንድ እህል ወፍጮ ቤት በላይ ያለች ክፍል ተከራይተው ለአሥራ አራት ወር ሣሉ። ወፍጮው ሲሠራ ጠረጴዛው ስለሚንቀጠቀጥ እርሳስ የሚያነሡት ባለወፍጮው ምሳ ሲበላና መብራት ሲጠፋ ነበር። መብራት ይጥፋ ብለው የጸለዩ ሰዎች በአዳማ ታሪክ ውስጥ እነሱ ብቻ ሳይሆኑ አይቀሩም። አምስቱ አሁን በሕይወት የሉም። ፊልሙ መጨረሻ ላይ የነበረው የስም ዝርዝርም ማንም አያየውም ተብሎ ከተቆረጠ ቆይቷል። እማማ ኖላዊት ይህን ለማንም ነግረው አያውቁም። ደብቀውት አይደለም፤ የጠየቃቸው የለም።

በማግስቱ ጎረቤታቸው ዘንድ ሄደው የተመልካችነት ተራቸውን ጅቡ የሚታይበት ቀን ላይ ከዋለው ከእሷ ተራ ጋር ተለዋወጡ። ደንቡንም ከዳር እስከ ዳር ሦስት ጊዜ አነበቡት። አሥራ ሁለት ገጽ ነው። ከአሥራ አንደኛው ገጽ አንድ መስመር በቃላቸው ያዙ።

አንድ ነገር ወስነው ነበር፤ "ሣዩዋ እኔ ነኝ" አይሉም። እንዲህ ካሉ አሥራ አንዱም ለእሳቸው ሲሉ "አሮጌው ይሻላል" ማለታቸው አይቀርም። ያ ደግሞ ያው ምሳ ነው። ጅቡ የሚተርፍ ከሆነ በራሱ ጉልበት ይትረፍ፤ የማይተርፍም ከሆነ ቁርጤን ልወቀው አሉ።

አዳራሹ ሰፊና ቀዝቃዛ ነው። አስተናባሪው ዘለቀ የሚባል የሃያ ስምንት ዓመት ልጅ ነው። በዚያ ዘመን የስም ፋሽን ወደ ድሮው ስለተመለሰ ወጣቶቹ ዘለቀና የሺመቤት፣ አዛውንቶቹ ደግሞ ኖላዊትና ያብስራ ናቸው። ማዕዱ ቀርቦ ሁሉም ሲጀምር እማማ ኖላዊት እጃቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ተቀመጡ።

"እማማ፣ አልጀመሩም እኮ" አለ ዘለቀ።

"አልበላም ልጄ።"

"ማክሰኞ እኮ ነው፤ ጾም የለም።"

"አውቃለሁ።"

"እንግዲያው በሞቴ፣ አንድ ጉርሻ!"

"በሰላሙ ቀን ሞትህን አትጥራ። አልበላም።"

ማዕዱ ዙሪያ ያሉት ማኘክ አቆሙ። የገመድ አውቶብስ ሲነዱ ኖረው ጡረታ የወጡት ጋሽ ያብስራ ሁኔታውን ለማብረድ ቀኝ እጃቸውን ዘረጉ። "ተዋቸው ዘለቀ። ሰው አይገደድም። ድርሻቸውን እኔ ጋ አስጠጋው፤ ማን ያዝናል?"

ዓይኗን አሳምራ የተኳለችውና ለመጀመሪያ ጊዜ ተመልካች የሆነችው የሺመቤት ጠጋ ብላ አንሾካሾከች። "እማማ፣ ቅር እንዳይለው።"

"ማን?"

ልጅቷ በአገጯ ወደ ጣሪያው አመለከተች።

"ምንም አይደል" አለ አስማሚው ከጣሪያው። "ለእማማ ይቋጠርላቸው።"

ተቋጠረላቸው።

አሮጌው ፊልም ከመነሣቱ በፊት አንድ ጊዜ ይታያል፤ "ስንብት" ይሉታል። ልማዱ እጅ እየታጠቡ፣ ጥርስ እየጎረጎሩ ማየት ነው። መብራቱ እንኳ በደንብ አይጠፋም። እማማ ኖላዊት ብቻ ወንበራቸውን አዙረው ተቀመጡ።

ጅቡ ሰርግ ይሄዳል። የጠራው ሰው የለም፤ የጠራው ሽታው ነው። ጋቢ ተከናንቧል። ጨዋ እንግዳ ሁለቴ እንቢ ብሎ በሦስተኛው እንደሚቀበል ከአጥር ሥር ተኝቶ ሰው ሲጨዋወት ሰምቶ ተምሯል። ድንኳኑ ውስጥ ገብቶ ጉልበቱን ሰብስቦ ይቀመጣል። አስተናጋጁ ሥጋ በትሪ ይዞ ይመጣል። "ብላ እንጂ!" ጅቡ መዳፉን ደረቱ ላይ አድርጎ "በቃኝ" ይላል። "ኧረ በሞቴ!" "ተመስገን፣ ጠግቤያለሁ።" በዙሪያው ያሉት "እንዴት ያለ ጨዋ ሰው ነው፣ የማን ዘመድ ይሆን?" ይባባላሉ። ጅቡ ሦስተኛውን ይጠብቃል። አስተናጋጁ ግን ሰው በዝቶበታል። ትሪውን ይዞ ወደሚቀጥለው እንግዳ ያልፋል። ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ሰከንድ ሙሉ የሚታየው የጅቡ ፊት ብቻ ነው። ቀጥሎ ይነሣል፣ ሙሽሮቹን ይመርቃል፣ ይወጣል፣ ኮረብታው ላይ ቆሞ ይጮኻል። አለቀ።

ዘጠኙ ሰከንድ መቶ ስምንት ሥዕል ነው። እማማ ኖላዊት መቶ ስምንቱንም ቆጠሩ። ከኋላቸው አንድ ሰው ፍርፍር ብሎ ሳቀና ቶሎ ወደ ሳል ለወጠው።

ከዚያ መብራቱ ጠፋ፤ አዲሱ ጀመረ።

ጅቡ አሁን ልዑል ግርማጅብ ይባላል። ጥርሱ ነጭ፣ ደረቱ ሰፊ ነው። በሰማዩ ላይ ሦስት ጨረቃ አለ። ሰርጉ ጦርነት ሆኗል፤ ትሪው የሚበር ጋሻ ሆኗል፤ ሙሽራዋ ዘንዶ ትጋልባለች። በሥጋው ምትክ የኃይል ድንጋይ ገብቷል። ልዑሉ ድንጋዩን ሲያቀርቡለት በመጀመሪያው ጥያቄ "እቀበላለሁ!" ብሎ ሰይፉን ወደ ላይ ያነሣል፤ ሰይፉ ይበራል፤ ተራራው ይሰነጠቃል። እንዲህ እንዲህ እያለ ሁለት ሰዓት ከአሥራ ሁለት ደቂቃ ይሞላል።

መብራት በራ። ጭብጨባ ሆነ። አስማሚው በየተራ መጠየቅ ጀመረ።

"በጣም ቆንጆ ነው" አለች የመጀመሪያዋ።

"ልዩ ነው፤ ቃል የለኝም" አለ ሁለተኛው፤ እውነትም ቃል አልነበረውም።

"እጅህ ይባረክ" አሉ ጋሽ ያብስራ እጅ ለሌለው ማሽን።

የሺመቤት ጥፍሯን እያየች "ሰይፉ... ሰይፉ ደስ ይላል" አለች። እንዲህ እያለ አሥራ አንዱ አለቀና እማማ ኖላዊት ዘንድ ደረሰ። የእሳቸው አንድ "አይሆንም" ምንም እንደማይለውጥ ሁሉም ያውቃል።

"እማማ ኖላዊት፣ እንዴት አገኙት?"

"እኔ ልጄ፣ መሃሉ ላይ እንቅልፍ ጥሎኛል" አሉ። ውሸት አልነበረም፤ ከዘንዶው ጀምረው ተራራው እስኪሰነጠቅ ደህና አድርገው ተኝተዋል። "ያላየሁትን አየሁ ብዬ ቃል አልሰጥም። እስቲ እነዚህ ይንገሩኝና ከዚያ እናገራለሁ።"

ይህን የመሰለ ጥያቄ እንቢ የሚባል አይደለም። ሁሉም ሊረዳቸው ተሽቀዳደመ።

"እኔ ልንገርዎት እትዬ" አሉ ጋሽ ያብስራ። "ልዑሉ ሰይፉን ከዘንዶው ይቀበልና..."

"ሰይፉን የሰጠችው ንግሥቲቱ ናት" አለች የሺመቤት።

"ንግሥቲቱማ ሞታለች።"

"የሞተችው እህቷ ናት።"

"እህት አላት እንዴ?" አለ ከጥግ አንድ ሰው።

"ቆይ፣ ሙሽራዋ ማን ነበረች?" አለ ሌላው።

እማማ ኖላዊት ሁሉንም እያፈራረቁ አዩ። "ለመሆኑ የሚዋጉት ስለ ምን ነበር?"

ሁሉም ወደ ጋሽ ያብስራ ዞረ።

"ስለ ድንጋዩ" አሉ ጋሽ ያብስራ በመጨረሻ።

"ድንጋዩ ምን ያደርጋል?"

"ያበራል።"

"መብራት ጠፍቶባቸው ነው?"

አንዲት ሴትዮ ከመጀመሪያው ልጀምር ብላ ሦስተኛው ጨረቃ ላይ ጠፋባት። አንድ መምህር በወረቀት ላይ መስመር እየሠራ ሊያስረዳ ሞከረና ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተው። ሩብ ሰዓት ሞላ። ማንም ሰው ፊልሙን መጥፎ ነው አላለም። ታሪኩን ግን የነገራቸው የለም።

"ይሁን" አሉ እማማ ኖላዊት። "የፊተኛውስ? ትንሹ?"

ይህችን ለመጠየቅ ነበር የመጡት። መልሱን አያውቁትም። አሥራ አንዱ ያዩት ጥርስ እየጎረጎሩ ነው፤ ምናልባት አላዩትም ይሆናል።

"እሱማ!" አሉ ጋሽ ያብስራ ብድግ ብለው። ኮታቸውን አወለቁና ራሳቸው ላይ ጣሉት። ወለሉ ላይ ጉልበታቸውን ሰብስበው ተቀመጡ፤ የሰባ ዓመት ሰው ናቸው። "የሺ፣ ነይ አቅርቢልኝ!"

የሺመቤት ትሪ ያዘች። "ይብሉ እንጂ ጋሼ።"

"በቃኝ" አሉ ጋሽ ያብስራ መዳፋቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው። ዓይናቸው ግን ትሪው ላይ ነበር። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ።

"በሞቴ!"

"ተመስገን፣ ጠግቤያለሁ።"

"እሺ፣ በግድ አልልም" ብላ ልታልፍ ስትል ዘለቀ ከበሩ ላይ ጮኸ። "ቀስ በይ እንጂ! መጀመሪያ ኮራ ብሎ ይቆያል። ሦስተኛው መጣ መጣ እያለ ነው እኮ!" ከዚያ አስተናባሪ መሆኑ ትዝ ብሎት ጉሮሮውን ጠረገ።

"ለመሆኑ ጋቢውን ከየት አመጣው?" አለ መምህሩ።

"ከአህያ ተውሶ ነው" አለች ከኋላ ያለችው ሴትዮ ሳታመነታ።

"አህያ ለጅብ ታውሳለች?"

"በአጥር ላይ ወርውራለት ነዋ! ቀርባ ትሰጠዋለች እንዴ?"

"አዋሽን እንዴት ተሻገረ ታዲያ? ሰርጉ እኮ ማዶ ነው።"

"በጀልባ። አጠገቡ የሚቀመጥ ስላጣ ጀልባዋ ወደ አንድ ጎን አዘንብላ..."

"አዞው ደግሞ ኬላ ጠባቂ ነው! 'የጥሪ ወረቀት አሳይ' ይለዋል።"

ከዚያ ማን ምን እንዳለ መለየት አስቸጋሪ ሆነ። ጅቡ በጀልባ አዋሽን ተሻገረ፣ አዞውን በሰላምታ ብዛት አደከመው፣ ሰው የሚመስሉ ዛፎች ያሉበት ጫካ ውስጥ ገብቶ ለእያንዳንዱ ዛፍ "እንደምን ዋላችሁ" ሲል ቀኑ መሸበት። ወንበሮቹ ጀልባ ሆኑ። ከጽዳት ክፍል የመጡ ሁለት ሴቶች አዞ ሆነው ቀሩ። የሥራ ሰዓት አልቆ በሩ ራሱን ሲከፍት የወጣ ሰው አልነበረም።

እማማ ኖላዊት ከወንበራቸው ሳይነሡ የጅቡን ጉዞ በዓይናቸው ይከተሉ ነበር።

"ይቅርታ" አለ አስማሚው። ሁሉም ባሉበት ቆሙ፤ ጋሽ ያብስራ ኮታቸውን ከራሳቸው ላይ አወረዱ። "አራት ሺህ አንድ መቶ አሥራ ስድስት ፊልም ሠርቻለሁ። አንዱም እንዲህ ሆኖ ሲነገር ሰምቼ አላውቅም። አሁን ግን ገባኝ መሰለኝ። ለምን አልነገራችሁኝም?"

ሰዉ ጫማ ጫማውን አየ።

"ምሳህን በልተን?" አሉ ጋሽ ያብስራ።



እማማ ኖላዊት ተነሡ። "ገጽ አሥራ አንድ፣ ከታች አራተኛው መስመር" አሉ። "ተመልካች ያየውን መናገር ካልቻለ እንዳላየ ይቆጠራል ይላል። ሰባት ሰው ያላየው አዲስ አሮጌውን አያነሣም።"

ዘለቀ ደንቡን አውጥቶ በጣቱ እየተከተለ አነበበ፤ ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ ይታያል። ቀና ሲል ላቡ ወርዷል። "አለ" አለ። "እውነትም አለ።"

"እንግዲያው ልጠይቅ" አለ አስማሚው። "የልዑል ግርማጅብን ታሪክ ከመነሻው እስከ መድረሻው መናገር የሚችል እጁን ያንሣ።"

የተነሣ እጅ አልነበረም። የሺመቤት ልታነሣ ሞከረችና "እህቷ..." ብላ መልሳ አወረደችው። በሠላሳ አንድ ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ አሮጌ ፊልም ተረፈ፤ ያውም "አይሆንም" የሚል አንድ ቃል ሳይወጣ፣ ማንም ማንንም ሳያስቀይም።

ጭብጨባው ከምሳ በኋላ እንደሚጨበጨበው ዓይነት አልነበረም። ጋሽ ያብስራ የማያውቁትን ሰው አቅፈው ይዘልላሉ።

"አንድ ነገር ላስቸግር" አለ አስማሚው ሲበርድ። "አሮጌው በቦታው ይቀመጥ። የዛሬውን ጨዋታ ግን ልሥራው? ጀልባውን፣ አዞውን፣ ጫካውን። ይህ ራሱን የቻለ ሌላ ታሪክ ስለሆነ ደንቡ አይከለክልም፤ ጀብዱም ነው። ችግሬ የጅቡ ፊት ነው። እየፈለገ እንቢ የሚል ፊት ብዙ ጊዜ ሞክሬያለሁ፤ ሆዱን የቆረጠው ይመስልብኛል። ለዚህ ነው ልዑል ያደረግሁት።"

"እርሳስ ያለው?" አሉ እማማ ኖላዊት።

በዚያ ሕንፃ ውስጥ እርሳስ ከጠፋ ሃያ ዓመቱ ነው፤ መምህሩም ወረቀቱ ላይ የሞነጫጨረው በጥፍሩ ኖሯል። የሺመቤት ቦርሳዋን በርብራ የዓይን ኩሏን ሰጠቻቸው። እማማ ኖላዊት ምሳው የተቋጠረበትን ወረቀት ፈትተው ጠረጴዛው ላይ ዘረጉት። ጆሮው ትንሽ ወደ ኋላ፣ ቅንድቡ ወደ ላይ፣ ከንፈሩ እንደተገጠመ፣ ዓይኑ ደግሞ ትሪው ባለፈበት በኩል ጥግ ላይ። ስምንት ጭረት ቢሆን ነው። እጃቸውን ሲያነሡ ጅቡ ከወረቀቱ ላይ ያያቸዋል።

ሁሉም ጠረጴዛውን ከበበ።

"እትዬ ኖላዊት" አሉ ጋሽ ያብስራ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ "ይሄን ሰውዬ የት ነው የሚያውቁት?"

"ሃያ ሦስት ዓመቴ ሳለ ነው የተዋወቅነው።"

"ታዲያ ቅድም አይነግሩንም ነበር?"

"ብነግራችሁ ትዋሹልኝ ነበር።"

ጋሽ ያብስራ አሰቡበት። "እንዋሽልዎት ነበር" አሉ።

"እንደገና ይሣሉልኝ" አለ አስማሚው። "ቀስ ብለው። ቅንድቡ ለምን ወደ ላይ ሄደ?"

"ተስፋ ነዋ!" አሉ እማማ ኖላዊት ሌላ ወረቀት እየፈለጉ። "ወንበርህ የት ነው አንተ? እሺ፣ ባለህበት ሆነህ እይ።"

ሥራው አሥራ ስድስት ወር ፈጀ። እማማ ኖላዊት ፊቱን ሣሉ፤ አስማሚው አዋሽን፣ ጫካውንና ድንኳኑን ሠራ። የሠራውን በሙሉ እያመጣ "ንገሩልኝ" ይላል፤ ያልተነገረለትን ራሱ ይጥላል። ምሳ በአዲሱ ልማድ ከፊልሙ በኋላ ሆነ። በመጀመሪያው ወር ብቻ ዘጠኝ ፊልም ወደቀ፤ አስማሚው ሁለት ቀን አኩርፎ ሰነበተና ከዚያ በኋላ ሥራው ይሻሻል ጀመር።

ግንቦት ላይ በአዳማ ስታዲየም፣ በጠራራ ፀሐይ፣ መጀመሪያ ስድስት ደቂቃው፣ ቀጥሎ አንድ ሰዓት ከአርባ ደቂቃ የሚፈጀው አዲሱ ታየ። አሥራ አንድ ሺህ ሰው ገብቷል። ጅቡ ጋቢውን ከአጥሩ ላይ ሲቀልብ ሰዉ አጨበጨበ፤ አዞው የጥሪ ወረቀት ሲጠይቀው ሰዉ አዞውን ሰደበው። አዋሽን ተሻግሮ፣ ጫካውን አቋርጦ፣ እግሩ ቆሳስሎ በመጨረሻ ድንኳኑ ደረሰ። ጉልበቱን ሰብስቦ ተቀመጠ። አስተናጋጁ መጣ።

"ብላ እንጂ!"

"በቃኝ።"

ከላይኛው መቀመጫ አንዲት ሴት አላስቻላትም። "ኧረ እሺ በል!" ብላ ጮኸች። ሰዉ ሳቀ።

"በሞቴ!" አለ አስተናጋጁ።

ጅቡ መዳፉን ወደ ደረቱ ወሰደ፤ ያኔ ስታዲየሙ በሙሉ ተነሣ። "እሺ በል! እሺ በል!" ሻጮቹ ጮኹ፣ ፖሊሶቹ ጮኹ፣ ዘለቀ ወንበር ላይ ወጥቶ ጮኸ፣ የሺመቤት ኩሏ ፊቷ ላይ ወርዶ ጮኸች። አሥራ አንድ ሺህ ሰው አንድ ጅብ ሥጋ እንዲበላ ይለምናል።

እማማ ኖላዊት ከፊተኛው ረድፍ ብድግ አሉ። በምርኩዛቸው ወለሉን እየደበደቡ "እሺ በል አንተ ሞኝ! እሺ በል!" አሉ ባላቸው ድምፅ ሁሉ። እሺ እንደማይል ከስታዲየሙ ሰው ሁሉ አብልጠው የሚያውቁት እሳቸው ነበሩ።